የእህቴ ካሜራና የአባቴ አቋቋም

እህቴ ፊልም ሠሪ ናት። አገር ያወቃት ታዋቂ አይደለችም፤ ግን እንጀራዋ እሱ ነው፣ በሙያው ያሉ ሰዎችም ያከብሯታል። «መቼ ጀመርሽው?» ብለው ሲጠይቋት እግሯን አነባብራ፣ «ከልጅነቴ ጀምሮ ዝንባሌው ነበረኝ» ትልና ታልፈዋለች። ዝንባሌ ትላለች እንግዲህ። የዚያን ዝንባሌ ነገር እኔን ጠይቁኝ። በጥይት ሞቻለሁ፣ በመርዝ ሞቻለሁ፣ ከጣራ ተገፍትሬ ሞቻለሁ፤ ጣራው የዶሮ ቤት ጣራ መሆኑ ሌላ ጉዳይ ነው። በሦስት ዓመት የምበልጣት ታላቅ ወንድሟ ነኝ፣ ግን ሌላ ተዋናይ ስላልነበራት የምትገድለው እኔኑ ነበር። ስለዚህ ይህን ታሪክ የመናገር መብት ያለኝ ይመስለኛል።

ያደግንበት ቤት ሁለት ክፍልና አንድ ጠባብ ግቢ ነበረው። አሁን ፈርሶ በቦታው ፎቅ ተሠርቶበታል፤ በዚያ በኩል ሳልፍ ዓይኔን ወደ ሌላ አዞራለሁ። አባታችን የከተማ አውቶቡስ ሹፌር፣ እናታችን ልብስ ሰፊ ነበሩ። የእናቴ የስፌት ማሽን መስኮቱ ሥር ስለነበር ድምፁ በእህቴ ፊልሞች ሁሉ ውስጥ አለ። ሰው ሲሳደድም፣ ሲታሰርም፣ ነፍሱ ስትወጣም ከበስተኋላ ማሽኑ ይንቀጫቀጫል። «እማዬ፣ አንድ ደቂቃ ብቻ አቁሚልን» ስንላት፣ «የሰው ልብስ ነው የያዝኩት፤ የእናንተ ሟች ይታገሥ» ትለን ነበር።

ካሜራውን ያመጣው አጎታችን ነው፣ የእናቴ ወንድም። ሠርግ ለሠርግ እየዞረ ቪዲዮ የሚያነሳ ሰው ነበር። አዲስ ሲገዛ አሮጌውን «ለልጆቹ መጫወቻ ይሁን» ብሎ ጣለልን። ትልቅ፣ ጥቁር፣ ካሴት የሚውጥ ዕቃ ነበር፤ እህቴ ትከሻዋ ላይ ስታወጣው ከጭንቅላቷ ይበልጣል። በጎኑ ያለችው ትንሽ ስክሪን አትሠራም። ሲቀርጽ የምትበራው ቀይ መብራት ተቃጥላለች። የሚሠራው ዓይንን አስጠግተው የሚያዩበት ቀዳዳ ብቻ ነው፤ እሱም ከመጫጫሩ የተነሳ ጠርዙ ላይ ያለው ጽሑፍ አይነበብም። ባትሪው የሚቆየው አንድ ሰዓት ነበር፣ እሱንም ሽቦ ቀጥዬ ነፍስ የዘራሁበት እኔ ነኝ። ዛሬ የኤሌክትሪክ ሠራተኛ የሆንኩት በዚያ ባትሪ ምክንያት ነው ብል ዋሸህ የሚለኝ የለም።

ያን ጊዜ አሥራ አንድ ዓመቷ ነበር። ካሜራው ከገባበት ቀን ጀምሮ ቤታችን ውስጥ ሳይቋረጥ ያለቀ ሥራ አላስታውስም። እናቴ ሻይ ልትቀዳ ስትል «ቆይ» ትላታለች። እኔ የጫማዬን ክር ላስር ስል «ቆይ፣ ቆይ» ትለኛለች። ጎረቤት አንኳኩቶ ሊገባ ሲል እንኳ፣ «ቆዪ እትዬ፣ ተመልሰሽ እንደገና አንኳኪ» ብላ ታስወጣለች። ሰፈሩ የወጣላትን ስም ትቶ ቆይቆይ አላት። እስከ ዛሬ የሚያውቋት ሁሉ በዚሁ ነው የሚጠሯት።

አባታችንን ግን «ቆይ» ማለት አያስፈልግም ነበር። ካሜራ ካየ ራሱ ይቆማል። በእሱ ዘመን ሰው ፎቶ ቤት የሚሄደው ስንት ዓመት ቆይቶ፣ ያውም ልብሱን አስተኩሶ ነው። ፎቶ አንሺው «እንዳትነቃነቅ» ይለዋል፣ እሱም ትንፋሹን ይይዛል። ቪዲዮ ሌላ ነገር መሆኑን ብንነግረው ብንነግረው ጆሮ ዳባ ልበስ አለን። ኮቱን ይቆልፋል፣ እጁን ጎንና ጎኑ ላይ ይለጥፋል፣ አገጩን ቀና ያደርጋል፣ ከዚያ ድርቅ ይላል። እህቴ «አባዬ፣ ተራመድ እንጂ» ትለዋለች። ከንፈሩን ሳያንቀሳቅስ፣ «ጨረስሽ?» ይላታል። «አልጨረስኩም።» «እሺ፣ ጨርሺ።» ደቂቃ፣ ሁለት ደቂቃ እንደዚያው ይቆያል። አንድ ጊዜ ዝንብ አፍንጫው ላይ አርፋበት እንኳ ንቅንቅ አላለም። ከሞተ አራት ዓመት ሆነው፤ ያ አቋቋሙ ግን ዛሬም ዓይኔ ላይ ነው።

እህቴን የሚያንገበግባት ይኸው አቋቋም ነበር። ምክንያቱም አባታችን እንደዚያ ያለ ሰው አልነበረም። ከሥራ ገብቶ ኮቱን ሲያወልቅ ቤቱ ይሞቃል። የዕለቱን ተሳፋሪዎች አንድ በአንድ እያስመሰለ ያመጣልናል፦ ቲኬቷ የጠፋባትንና ቦርሳዋን ሰው ጭን ላይ የምትዘረግፈውን ሴትዮ፣ ቆሞ እንቅልፍ የሚወስደውን ጎረምሳ፣ «ወራጅ አለ» ብሎ ካስቆመ በኋላ ሐሳቡን የሚቀይረውን ሽማግሌ። ድምፃቸው ሁሉ አይቀረውም። እናቴ መርፌዋን ጥላ ሆዷን ይዛ ትስቃለች። ይህን ሰውዬ ከእኛ በቀር ማንም አያውቀውም ነበር። ካሜራው ብቅ ሲል ደግሞ እሱ ሄዶ ያ የተገተረው ይመጣል። እህቴ አንድ ቀን፣ «እውነተኛውን አባዬን አነሳዋለሁ፣ ታያለህ» አለችኝ። ሌላ ሕልም አልነበራትም። በዚህ ነገር የሚተዳደር ሰው እንዳለ እንኳ አታውቅም ነበር።

ትልቁን ፊልማችንን የሠራነው በትምህርት ዕረፍት ነው። ሁለት ሳምንት ተለማመድን፣ ከዚያ በአንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ አነሳነው። ፖሊስ ሌባ ያሳድዳል፤ ሌባው እኔ ነኝ፤ መጀመሪያ ላይ ሞቼ ከዚያ ታሪኩ ወደ ኋላ ተመልሶ ይተረካል፤ መሞቴ መቼም አይቀርም። የካሜራው መቅረጫ አንድ ቁልፍ ነው። አንዴ ሲጫኑት ይጀምራል፣ ደግመው ሲጫኑት ያቆማል። ቀይዋ መብራት ስለሞተች የቱ ላይ እንዳለ የሚያውቅ የለም። እህቴ በአፏ ትቆጥር ነበር፦ «አንድ፣ ሄደ። ሁለት፣ ቆመ።» ባትሪ እንዳይጨርስ ደግሞ መልሰን አናይም። ታዲያ የመጀመሪያው ሞቴ ላይ፣ መሬት ላይ ተዘርሬ ሳለሁ፣ አቧራው አስነጠሰኝ። እህቴ ደንግጣ ቁልፉን አንድ ጊዜ አብዝታ ነካችው። ከዚያ በኋላ «ሄደ» ስትል ካሜራው ይቆማል፣ «ቆመ» ስትል ይሄዳል። ማናችንም አላወቅንም።

በማግስቱ እሑድ ጎረቤት ተጠርቶ፣ አግዳሚ ወንበር ከየቤቱ ተሰብስቦ፣ ካሴቱ ገባ። መጀመሪያ እኔ ስሞት ታየሁ። አስነጠስኩ። ከዚያ በኋላ ማሳደዱ፣ ድብድቡ፣ ያ ሁሉ የለፋንበት ነገር የለም። ያለው የእህቴ የእግር ጣት ነው። መሬት ነው። «ሁልጊዜ እኔ የምሞተው ለምንድን ነው?» የሚል የእኔ ጭቅጭቅ ነው። ካሜራው አንገቷ ላይ እንደተንጠለጠለ ወደ ጎን የተጋደመ ዓለም ያሳያል። እህቴ ፊቷ አመድ መሰለ።

ከዚያ አባቴ መጣ። ቅዳሜ ከሥራ ሲገባ፣ እህቴ «ቆመ» ብላ እኛ ስንለማመድ አይቶን ቆም ብሎ ነበር። በጎን የተጋደመው አባቴ፣ «እንዲህ አይወደቅም፣ አንተ ልጅ» ይለኛል። ደረቱን ያዘ። ተንገዳገደ። ግድግዳው ላይ ተደገፈና ቀስ እያለ ተንሸራቶ ቁጭ አለ፣ አንገቱ ዘንበል አለ። ትንሽ ቆይቶ አንድ ዓይኑን ገልጦ፣ «ሞቻለሁ?» አለ። ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። እትዬ ጎረቤታችን እንባዋን በነጠላዋ ትጠርጋለች። እህቴ ቴሌቪዥኑ ሥር ተንበርክካ አፏን ከፍታ ታያለች። እውነተኛው አባዬ ካሜራ ውስጥ ገብቶ ነበር።

አባቴ አልሳቀም። ተነሣና ቴሌቪዥኑን አጠፋው። ጎረቤቶቹ ሲወጡ ጠብቆ ነው የተናገረው፣ ድምፁን ሳያነሣ። «ሰው ሳያውቅ አይነሳም» አላት። «ሳያውቅ የተወሰደበት ነገር ስሙ ሌላ ነው። አጥፊው።»

በዚያ ካሜራ ማጥፋት ማለት በላዩ ላይ ሌላ ነገር መቅረጽ ነው። ሌላ የሚቀረጽ ነገር አልነበራትም። የሌንሱን ክዳን ገጠመች፣ ቁልፉን ተጫነች፣ መኝታ ቤት ወለል ላይ ካሜራውን ታቅፋ ተቀመጠች። አብሬያት ተቀመጥኩ። አንድ ሰዓት ሙሉ ጨለማ ቀረጸች። መሐል ላይ፣ «አሁን አባዬ እየጠፋ ነው» ብላ ስታለቅስ አንጀቴን በላችው። እኔም አለቀስኩ፤ ለማንም ግን አልተናገርኩም።

ከዚያ ቀን እህቴ ትምህርት ወሰደች፣ ግን አባቴ ሊያስተምራት የፈለገውን አይደለም። የወሰደችው፣ ሰው ሕያው የሚሆነው ካሜራው የጠፋ ሲመስለው ነው የሚለውን ነው።

ትምህርቷን ስትጨርስ አባቴ ራሱ እጇን ይዞ የፋርማሲ ኮሌጅ አስመዘገባት። «ልጅ ያቦካው ለራት አይበቃም» ይል ነበር ስለ ካሜራው ሲነሳ። «ማኅተም ያለው ወረቀት ያዢ።» አንድ ዓመት ተማረችና ትታ አጎታችን ሱቅ ገባች፣ ሠርግ ልታነሳ። አባቴ አልጮኸም። ቢጮህ ይሻል ነበር። እሷ ቤት ስትገባ ተሳፋሪዎቹን ማስመሰሉን አቆመ። አንዷን ሴትዮ ጀምሮ ቦርሳዋን እየዘረገፈ ሳለ የእህቴ ኮቴ ከተሰማ ወሬውን ያጥፋል፣ ጋዜጣውን ያነሣል። ሰው ሲጠይቀው፣ «ቢሮ ነው የምትሠራው» ይላል። ስምንት ዓመት እንዲህ ኖርን። እናቴ መሐል ሆና፣ «ሁለታችሁም አንድ ጨርቅ ናችሁ፣ ምን ብዬ ልለያችሁ» ትላለች።

በሠርግ ሥራ እህቴ ስም አወጣች። ዘዴዋን እኔ አውቃለሁ፣ መብራት ልዘረጋላት አብሬ እሄድ ነበርና። ሙሽሮቹን ደርድራ ታነሳለች፤ ሁሉም እንደ አባቴ ይገተራሉ። ከዚያ፣ «ጨረስን፣ እናመሰግናለን» ብላ ካሜራውን ወደ ወገቧ ታወርዳለች። አታጠፋውም። የካሜራዋን ቀይ መብራት በጥቁር ፕላስተር ሸፍናለች። ያን ጊዜ ሙሽራዋ ትከሻዋን ትለቃለች፣ ጫማዋን ታወልቃለች፣ ለሙሽራው በጆሮው አንድ ነገር ትለዋለች፣ እሱም ይቀላል። ሰዎቹ ቪዲዮውን ሲያዩ፣ «ይሄን እንዴት አገኘሽው?» እያሉ ይስሟት ነበር። ቅር ያለው አልገጠመኝም። አጎቴም፣ «የዚች ልጅ እጅ ሌላ ነው» ይላል። እኔ ዝም እላለሁ።

በዚህ ሥራዋ ነው አንድ የፊልም ድርጅት የጠራት። ኃላፊዋ ወሬ የማታበዛ፣ መነጽሯን ግንባሯ ላይ ሰክታ የምትናገር ሴት ነበረች። «የአንድ ሠራተኛን የመጨረሻ የሥራ ቀን የሚያሳይ የግማሽ ሰዓት ፊልም ሥሪልኝ» አለቻት። «ካማረኝ እዚህ ትቀሪያለሽ። ካላማረኝ ሠርግሽ አለልሽ።» በዚያው ወር አባቴ ሠላሳ አንድ ዓመት የነዳበትን ሥራ ሊለቅ ነበር። እህቴ ማንን እንደምታነሳ ለማንም ማስረዳት አላስፈለጋትም።

ልትጠይቀው የሄደች ዕለት እኔና እናቴ ከመጋረጃው ወዲህ ቆመን ሰማን። ጋዜጣውን ሲያጥፍ ተሰማን። «በርቶ ከሆነ በርቷል በዪኝ» አለ በመጨረሻ። «ጠፍቶ ከሆነ ጠፍቷል በዪኝ። ሌላ ነገር አልጠይቅሽም።»

«እሺ አባዬ» አለች።

ዕለቱ ደረሰ። እኔ ከሥራ ፈቃድ ወስጄ የድምፅ መቅጃውን ዘንግ ያዝኩ። አባቴ ኮቱን ለብሶ፣ ቆልፎ፣ ጠዋት መሪው ኋላ ተቀመጠ። «በርቷል አባዬ» አለችው። አለቀ። አንገቱ ቀጥ፣ ዓይኑ ወደ ፊት፣ እንደ ፓስፖርት ፎቶ እየነዳ ዋለ። ደንበኞቹ ሰላም ይሉታል፣ በአገጩ እንኳ አይመልስም። ቲኬት ቆራጩ ወደ እኔ ጠጋ ብሎ፣ «ሰውዬው ዛሬ ምን ነካው? ታሟል እንዴ?» አለኝ። የእህቴ ትከሻ በየፌርማታው እየወረደ ሲሄድ አየሁት።

አሥር ሰዓት ላይ አውቶቡሱን ጋራዥ አስገብቶ አቆመው። ሞተሩን አጠፋ። እህቴ ካሜራውን ባለ ሦስት እግር ማቆሚያው ላይ እንደተተከለ ትታ፣ «ጠፍቷል አባዬ። ጨረስን» አለችው። ገመድ ልንሰበስብ ብለን ወደ ውጭ ወረድን። ስወርድ ካሜራው ላይ ያለችውን ጥቁር ፕላስተር አየኋት። እህቴን አየኋት። ዓይኗን ከዓይኔ አሸሸች። እኔም አፌን ዘጋሁ። ይህን እንደ ቀላል ነገር አልናገረውም፤ እስከ ዛሬ ያሳፍረኛል።

በኋላ ምስሉን ስናየው፣ አባቴ ብቻውን ቀርቶ መሐረቡን አወጣ። መሪውን ጠረገ፣ የመሪውን ሥር ጠረገ፣ መስተዋቱን ጠረገ። ከዚያ እንደገና ተቀመጠና መስተዋቱን አስተካክሎ ባዶዎቹን ወንበሮች አየ። «እትዬ፣ ቲኬትሽ ተገኘ ወይ?» አለ። በሴትየዋ ድምፅ መለሰ። ወደ ጎረምሳው ዞረ፣ ቀሰቀሰው። ሽማግሌውን «ወራጅ አለ» አሰኘው፣ ከዚያም ሐሳቡን አስቀየረው። ስምንት ዓመት እህቴ ፊት ያላወጣቸውን ሁሉ አንድ በአንድ አወጣቸውና ተሰናበታቸው። ሲጨርስ ግንባሩን መሪው ላይ አስደግፎ አለቀሰ። ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም ይባላል፤ የኮቱ እጅጌ እስኪርስ ድረስ አለቀሰ።

ኃላፊዋ ይህን ስታይ መነጽሯን ከግንባሯ አውርዳ ያዘች። «ፊልሙ ይሄ ነው» አለች። «ከሰኞ ጀምሮ ጠረጴዛ ይሰጥሻል።»

እህቴ በዚህ መደሰት ነበረባት። እሷ ግን እህል አልወርድ አላት። እኔ ተቆጣሁ። «አባዬ ፊልም ቤት አይገባ፣ ማን ይነግረዋል?» አልኳት። «ቢያየውም ደስ ይለዋል። እንጀራሽን በገዛ እጅሽ አትድፊ።»

«አሥራ አንድ ዓመቴ ላይ ሳላውቅ ነው የወሰድኩበት» አለችኝ። «አሁን ግን እያወቅኩ ነው።»

ላፕቶፑን ይዛ ሄደችና እናቴ የምትቆርጥበት ጠረጴዛ ላይ ከፈተችለት። አባቴ እስከ መጨረሻው አየው። መጀመሪያ ያለው፣ «ድምፄ አርጅቷል» ነው። ቀጥሎ፣ «ጠፍቷል ብለሽኝ አልነበር?» አላት።

«ብዬህ ነበር።»

ተነሥቶ ግቢ ወጣ። እህቴ እኔ እያየሁ ምስሉን አጠፋችው፣ ቅጂውንም ጨምራ። ያኔ አንድ ሰዓት የፈጀባት ነገር አሁን በአንድ ጣት አለቀ። ወጥታ፣ «አጥፍቼዋለሁ አባዬ» አለችው። አንገቱን ነቀነቀ።

ኃላፊዋ ስትሰማ የምታደርገው ጠፋት። ያልተነቃነቀ ሹፌር የሚነዳበት ግማሽ ሰዓት ማን ያያል? «ለፊልሙ መጨረሻ የሚሆን ነገር እስከ ሰኞ ካላመጣሽ አዝናለሁ» አለቻት፤ የምር ያዘነችም ይመስለኛል። እህቴ ለአጎታችን ደውላ የቀጣዩን ወር ሠርጎች ጠየቀች።

ምስጢር አይበረክትልኝም። ቅዳሜ ጠዋት አባቴ የእናቴን ማሽን ቀበቶ ሲጠግን አጠገቡ ቁጭ ብዬ ሁሉንም ዘረገፍኩለት፦ ኃላፊዋ ያለችውን፣ የቀረባትን ጠረጴዛ፣ «እንጀራሽን አትድፊ» ያልኳትን ጭምር። ቀና ብሎ እንኳ አላየኝም። ቀበቶውን አጥብቆ፣ መንኮራኩሩን አንዴ አዙሮ ሞከረና፣ «ነገ ካሜራዋን ይዛ ትምጣ» አለኝ።

እሑድ ጋራዡ ጭር ብሎ ነበር። ጥበቃው አባቴን ሲያይ ሳይጠይቅ በሩን ከፈተ። አውቶቡሱ እዚያው ቆሟል፣ የአዲሱ ሹፌር የፀሐይ መነጽር የፊት መስተዋቱ ሥር ተቀምጧል። አባቴ መነጽሩን አንሥቶ ወደ ጎን አኖረውና ቦታው ላይ ተቀመጠ። ኮቱን ቆለፈ።

«በርቷል?» አለ።

«በርቷል አባዬ።»

«እርግጠኛ ነሽ?»

እህቴ ጥቁሩን ፕላስተር ልጣ ጣለችው። ቀይዋ መብራት ቦግ ብላ ታየች። አባቴ መብራቷን ብዙ አያት። ከዚያ እንደ ልማዱ እጁን ጎንና ጎኑ ላይ ለጥፎ፣ አገጩን ቀና አድርጎ ድርቅ አለ። አንድ ደቂቃ ሄደ። በቃ ይኸው ነው የሚሰጣት ብዬ በልቤ ተስፋ ቆረጥኩ። የጆሮ ማዳመጫው ጆሮዬ ላይ ስለነበር ትንፋሹን መያዙንም፣ መልቀቁንም ሰማሁ። ከዚያ እጁ ተነሣና የኮቱን ቁልፍ ፈታ።

«ያን ቀን ያለቀስኩት ለአውቶቡሱ አይደለም» አለ፣ መብራቷን እያየ። «አውቶቡስ ብረት ነው። ሠላሳ አንድ ዓመት የሰውን ልጅ ሁሉ ልሂድ ወዳለበት አደረስኩ። ዝናብም ሆነ፣ ጎማም ፈነዳ፣ አደረስኩ። የገዛ ልጄ ልሂድ ስትል ግን መንገዷ ላይ ቆምኩባት። ያን ቀን መስተዋቱን ሳይ እሱ ትዝ አለኝ። ሌባ ብያት ነበር፣ በልጅነቷ። ስሙን አልጠራሁትም እንጂ ብያታለሁ። እሷ ግን የወሰደችውን ይዛ መጥታ መለሰችልኝ። እንግዲህ እኔም የራሴን ልስጣት።»

ወደ መስተዋቱ ዞረ። «እትዬ፣ ቲኬትሽ ተገኘ ወይ?» አለ።

አንድም አላስቀረም። ሁሉንም አመጣቸው፣ ሁሉንም አወረዳቸው። እህቴ ካሜራው ኋላ ቆማ እንባዋ አገጯ ላይ ይንጠባጠባል፣ እጇን ግን ከማቆሚያው አላነሣችም። ሽማግሌው የመጨረሻው ነበር። «ወራጅ አለ» አለ፤ አሁን ሐሳቡን ሳይቀይር ወረደ።

አባቴ ላቡን ጠረገ። ኮቱን መልሶ ቆለፈና እንደ ተፈታኝ ተማሪ እህቴን አያት። «ካላማረ ልድገመው?» አላት።

እህቴ እንባዋን በእጅጌዋ ትጠርግ ነበር። «አምሯል አባዬ» ያልኩት እኔ ነኝ፤ ድምፄ ፊልሙ ውስጥ አለ።